የደረጃዋ ሴት

ልጄ ሳህን የምታጥበው ሰው ሲታረድ እየሰማች ነው። ማዳመጫዋን ጆሮዋ ላይ ትሰካለች፤ አንድ ረጋ ያለ ድምፅ ባል ሚስቱን እንዴት አድርጎ እንደገደላትና የት እንደቀበራት ይተርክላታል፤ እሷ ደግሞ በአረፋው መሀል ራሷን እየነቀነቀች ብርጭቆ ታለቀልቃለች። ያን ጊዜ ፊቷ ላይ የማየው ሰላም ለእኔ አንድም ቀን አልተሰጠኝም። እኔ ስልክ በጮኸ ቁጥር ሰው የሞተ የሚመስለኝ ሴት ነኝ። ልጄ ከሥራ ትንሽ ከዘገየች መኪና ሲገጫት፣ አንድ ጫማዋ አስፋልት ላይ ወድቆ ሲቀር ሳይቀር ይታየኛል።

«አይቀፍሽም?» አልኳት አንድ ቀን ማዳመጫውን ከአንድ ጆሮዋ ነቅዬ።

«ምኑ?»

«ሬሳ እያዳመጡ ብርጭቆ ማጠብ!»

«እማ ደግሞ! የሚያስጠላውስ እውነተኛው ዓለም ነው። እዚህ እኮ መጨረሻው ላይ መያዙ አይቀርም።»

መያዙ አይቀርም። እንደ ቀላል ነገር ጣል አድርጋው ወደ ሳህኗ ተመለሰች። እኔም ማዳመጫውን መለስኩላት፤ እስካለፈው ቅዳሜ ድረስ ነገሩ እንደዚያ ይመስለኝ ነበርና። ቅዳሜ ዕለት እናቴ ቤት ሄደን ሳለ ልጄ፣ «አንቺ ራስሽ ግን በሕይወትሽ የዚህ ዓይነት ታሪክ ወደሽ አታውቂም?» ብላ ጠየቀችኝ። አውቃለሁ፣ አልኳት፤ አንድ አለ፤ በልጅነቴ ሲነበብ የሰማሁት ነው፤ ከዚያ የሚበልጥ እስካሁን አልገጠመኝም። እናቴ መስኮቱ ሥር ተቀምጣ የቀሚስ ጠርዝ ትጠልፋለች። እኔ መተረክ ጀመርኩ። ምናለ አፌን በዘጋው! ያን ዕለት የጀመረኝ ንዴት ይኸው እስካሁን አልበረደልኝም።

እናቴ ላውንደሪ ውስጥ ልብስ ትተኩስ ነበር። ከትምህርት ቤት ስመለስ ቤት የሚጠብቀኝ ሰው ስላልነበረ በቀጥታ ወደ መተኮሻው ክፍል እሄድና የእናቴ ጠረጴዛ ሥር፣ በአንሶላው ቅርጫትና በግድግዳው መሀል እወሸቃለሁ። ሴቶቹ «አይጢት» ይሉኝ ነበር። ከዚያ ሥር የሚታየኝ እግር ብቻ ስለሆነ ሰውን የማውቀው በእግሩ ነው። የእናቴ እግር ቁርጭምጭሚቱ ያበጠ ነው። የሁሉም ታላቅ የነበረችው፣ አንገትጌ በስታርች የምታደርቀው እትዬ፣ ተረከዟ የተሰነጣጠቀ ነው። ገና ያላገባችው፣ ምላሷ የማያርፈው ቀበጧ ደግሞ የእግር ጥፍሯን ቀይ ትቀባለች። በመስኮቱ በኩል ያለው እግር የአንባቢያችን ነው። ነጠላ ጫማዋን አውልቃ ጠረጴዛዋ ሥር ጎን ለጎን ታስቀምጥና ቀኑን ሙሉ በባዶ እግሯ ሲሚንቶው ላይ ትቆማለች። «በዚህ ሙቀት ነፍሴን የሚያረጥባት ይኼ ሲሚንቶ ብቻ ነው» ትል ነበር።

አንባቢያችን የተባለችው በእርግጥም ስለምታነብ ነው። በምታነብበት ሰዓት ሌሎቹ የእሷን ድርሻ ተከፋፍለው ይተኩሱላታል፤ እሷ በካውያ ፈንታ መጽሐፍ ይዛ ትቆማለች። መጽሐፎቹ ከአሮጌ ዕቃ ሻጭ የተገዙ፣ ሽፋናቸው የወለቀ ነበሩ፤ ታሪካቸው ግን ሁሌም ግድያ ነው። ሀብታሙ ሽማግሌ ሻይው ውስጥ መርዝ ይጨመርበታል፤ ወይ ከውስጥ በተቆለፈ ክፍል የተወጋች ሴት ትገኛለች። አንሶላው እየተነነ፣ የአንባቢያችን ድምፅ በእንፋሎቱ መሀል ሲመጣ፣ ጉልበቴን አቅፌ በፍርሃት እየተንዘፈዘፍኩ ደስ ይለኝ ነበር። የሚያስፈራኝ ሁሉ ከጠረጴዛው ማዶ ነበር፤ ከጠረጴዛው በታች እኔና የእናቴ እግር ነን።

«ባልየው ነው!» ትላለች ቀበጧ ገና ሬሳው ሳይቀዘቅዝ።

«አንቺ ሁልጊዜ ባልየው ነው» ትላታለች እናቴ።

«ተሳስቼ አውቃለሁ?»

«ባለፈው ሐኪሙ አልነበር?»

«ሐኪሙስ የማን ባል ነበር?»

ይሳሳቃሉ። አንባቢያችንም ትስቃለች፤ የእሷ ሳቅ ግን ከሁሉም ዘግይቶ ነበር የሚመጣው። በዚያ የካውያ ወበቅ ውስጥ እጅጌዋን እስከ አንጓዋ ቆልፋ ነበር የምትሠራው። እኔ ብርዳም ስለሆነች ይመስለኝ ነበር። ሲሚንቶ ነፍሷን የሚያረጥባት ሴት እንዴት ብርዳም ትሆናለች? ልጅ ሁለት ነገር አጠገብ ለአጠገብ አድርጎ አያይም። ትልልቆቹ ግን ያዩ ነበር። ያዩና ካውያቸውን ይገፉ ነበር።

ከታሪኩ ሁሉ የሚወዱት መጨረሻውን ነው። መርማሪው ይመጣና የቤቱን ሰው በሙሉ አንድ ክፍል ውስጥ ይሰበስባል፤ ከወራሹ እስከ አትክልተኛው ሁሉም በየቦታው ይቆማል፤ ሁሉም ይጠየቃል። አንባቢያችን እዚያ ስትደርስ ካውያ ሁሉ ቀጥ ይላል።

«ገረዲቱንም ጠየቃት እኮ!» ትላለች እትዬ፣ መቼም ሰምታው የማታውቅ ይመስል። «አያችሁ? ገረዲቱን! ያየችውን ትነግረዋለች፤ እሱም ቁጭ ብሎ ይጽፍላታል።»

የላውንደሪው ሾፌር የአንባቢያችን ባል ነበር። ከሆቴልና ከሆስፒታል የቆሸሸ አንሶላ በጥቅል በጥቅል ያመጣል፤ የተተኮሰውን ጭኖ ይሄዳል። ቡናማ ቁልፎች ያሉት ካኪ ጃኬት ነበረው፤ ኪሱ ደግሞ ከረሜላ አያጣም። ከትልልቆቹ ሁሉ ጎንበስ ብሎ ዓይን ለዓይን የሚያየኝ እሱ ብቻ ስለነበር እወደዋለሁ። «አይጢት የታለች? ድመቷ በላቻት እንዴ?» ይለኛል። እሱ ሲገባ መጽሐፉ አንሶላ ሥር ይገባል፤ ክፍሉ ጭጭ ይላል። ንባብ የማይወድ ሰው ስለሆነ ይመስለኝ ነበር።

በአንድ ዝናባማ ሳምንት አሞኝ ጎረቤት ቤት ተኝቼ ከረምኩ። ድኜ ስመለስ የመስኮቱ ጠረጴዛ ባዶ ነው። ነጠላ ጫማዋ ግን ሥሩ ጎን ለጎን ተቀምጧል።

«አንባቢያችንስ?» አልኩ።

«ወላጆቿ ጋ ሄዳለች» አለች እናቴ።

«ጫማዋን ትታ?»

«ሌላ ጫማ አላት።»

«መቼ ነው የምትመጣው?»

«አይጢት፣ ልብስ እንተኩስበት።»

በሚቀጥለው ቀን ሴቶቹ ያለ መጽሐፍ አዲስ ታሪክ ጀመሩ። መጽሐፉን ይዛው ስለሄደች በቃላቸው የሚተርኩት መሰለኝ። እንዲያውም ከነበሩት ሁሉ የተሻለ ነበር፤ ምክንያቱም የሞተችው ሴት የምትሠራው እንደ እኛው ባለ ላውንደሪ ውስጥ ነው።

«አንሶላ ልታሰጣ ጣሪያ ላይ ስትወጣ ከደረጃው ተንሸራታ ወደቀች ነው የሚለው» ትላለች እትዬ።

«በዚያ ዝናብ?» ትላለች እናቴ። «በዝናብ ቀን ጣሪያ ላይ የሚያሰጣ ማን አለ? የምናሰጣው ቦይለር ክፍል ውስጥ ነው።»

«በባዶ እግሯስ? ጫማዋ ጠረጴዛዋ ሥር ተቀምጦ?»

«ባልየው ነው!» ብዬ ጮህኩ ከሥር።

ካውያዎቹ ቆሙ። ቀይ የተቀቡት የቀበጧ ጣቶች ነጠላ ጫማቸው ውስጥ ሲኮማተሩ አየሁ።

«አዎ፣ አይጢት» አለች። «ባልየው ነው።» ቀበጧ «ባልየው» ብላ ሳትስቅ የቀረችው ያን ቀን ብቻ ነው።

እናቴ ጎንበስ ብላ አገጬን ያዘችኝ። «ይኼ መጽሐፍ ነው፤ ገባሽ? የመጽሐፍ ታሪክ ነው። ውጪ ለማንም አይወራም። ካወራሽው መጨረሻው ይበላሻል።»

ገባኝ። መጨረሻ አስቀድሞ መናገር በእኛ ክፍል ትልቅ ነውር ነበር። ቃሌን ጠበቅሁ።

ታሪኩን በየቀኑ ይደግሙት ነበር። እያንዳንዷ የራሷ ድርሻ ነበራት፤ አንዷ ቃል ስትስት ሌላዋ ታርማታለች። «ሦስተኛው ደረጃ አልሽ ባለፈው፤ አሁን አራተኛ አልሽ። እንዲህ ከተለዋወጠብሽ መርማሪው አያምንሽም።» እኔም ሰምቼ ሰምቼ እንደ ዘፈን አጠናሁት። የእናቴ ድርሻ እንዲህ ነበር፦ «እኔ ከእሷ ቀጥሎ ያለው ጠረጴዛ ላይ ነበርኩ። ሰውየው በሩ ላይ ቆሞ በእጁ ጠራት። ካውያዋን አቁማ ሄደች፤ ሶኬቱን እንኳ አልነቀለችም። ስትቆይብኝ እኔ ነቀልኩት። ጩኸት አልሰማሁም። ከባድ ነገር ደረጃውን ሲወርድ ነው የሰማሁት። ከሁሉም ቀድሜ የደረስኩት እኔ ነኝ። እጇን ስፈታው የጃኬት ቁልፍ ጨብጣለች።»

ያ ቁልፍ ቤታችን ውስጥ ነበር። በእናቴ የመርፌ ቆርቆሮ ውስጥ አገኘሁት፤ ቡናማ ነው፤ ክሩ ላይ የካኪ ቁራጭ ተንጠልጥሏል። እናቴ ከመጽሐፉ ቁልፍ ጋር ስለሚመሳሰል ያስቀመጠችው መሰለኝ። ለአሻንጉሊቴ ዓይን ልሰፋው ስወስደው እጄን በጥፊ መታችኝ። እናቴ መትታኝ አታውቅም ነበር። ከዚያ በኋላም አልመታችኝም።

በዚያው ሰሞን ሾፌሩ ጃኬቱን ይዞ መጣ። «እህቴ፣ ቁልፉ ወልቆ ጠፋብኝ፤ ትተክዪልኛለሽ?» እናቴ ምንም ሳትል ተቀበለችው። የላውንደሪው የቁልፍ ሣጥን ውስጥ ቡናማ ሞልቶ ነበር። እሷ ግን ጣቷን ሰዳ ስትፈልግ ቆይታ አንድ ጥቁር አወጣች።

«እማዬ፣ ተሳስተሻል፤ ጥቁር ነው እኮ!»

«አልተሳሳትኩም።»

በነጭ ክር ጠበቅ አድርጋ ሰፋችው። ሾፌሩ ለብሶት፣ እስከ አንገቱ ቆልፎ፣ አመስግኖ ሄደ፤ አንዴ እንኳ ወደ ደረቱ አልተመለከተም። ሴቶቹ አንሶላውን ትተው በዓይናቸው ሸኙት።

«ጎሽ» አለች እትዬ በሹክሹክታ። «እሱ ባያየው መርማሪ ያየዋል። መርማሪ ዓይን አለው።»

 እነዚያ አዋቂ ሴቶች፣ ልጅ ያሳደጉ፣ ሰው የቀበሩ ሴቶች፣ የነፍሰ ገዳይ ደረት ላይ ጥቁር ቁልፍ ሰፍተው የሚመጣውን መርማሪ ጠበቁ! መጽሐፎቹ ያስተማሯቸው እሱን ነበር። ሰው ከሞተ ጠያቂ ይመጣል፤ ያንቺ ድርሻ ያየሽውን ሳታዛንፊ መያዝ ነው፤ ተራሽ ሲደርስ ትናገሪያለሽ።

አንድ ቀን ደግሞ ሁሉም ንጹሕ ሽርጥ አድርገው፣ ፀጉራቸውን አበጥረው ጠበቁኝ። እትዬ ጫማ አድርጋለች። ማንም አይተኩስም፤ እያንዳንዷ ጠረጴዛዋ አጠገብ ቀጥ ብላ ቆማለች። እናቴ አንድ እጇ ሽርጧ ኪስ ውስጥ ነው።

«ማነው የሚመጣው?» አልኩ።

«ዝም በይ፤ ቢሮ ውስጥ ነው። አሁን ይመጣል።»

በመጨረሻ በሩ ተከፈተ። መጀመሪያ የመጡት የሚያብረቀርቁ ጥቁር ጫማዎች ናቸው፤ አንገቴን ሳወጣ ፖሊስ ነው። የላውንደሪው አለቃና ሾፌሩ አብረውት አሉ፤ የሦስቱም ፊት ሻይ ጠጥቶ እንደተነሣ ሰው ነው። ፖሊሱ በሩ ላይ ቆሞ የሾፌሩን እጅ በሁለት እጁ ያዘ። «አይዞህ እንግዲህ፤ ጠንከር በል» አለው። ጥቁሩ ቁልፍ ከፖሊሱ አፍንጫ ሥር ነበር። ሾፌሩን የሆነ ነገር ያመመው መሰለኝና አዘንኩለት። ከዚያ ፖሊሱ በክፍሉ መሀል አልፎ ወደ ውጪው በር አመራ። በባዶው ጠረጴዛና ሥሩ በተቀመጠው ጫማ አጠገብ አለፈ። የእናቴ እጅ ከኪሷ በግማሽ ወጣ። ፖሊሱ በሩ ጋ ሲደርስ ዞር አለ።

«በርቱ» አለ።

ይኸው ነው። በርቱ ብሎ ሄደ። ሴቶቹ ከቆሙበት አልተነቃነቁም። የእናቴ እጅ ወደ ኪሷ ተመለሰ። ያ ሁሉ የተተኮሰ ሽርጥ ሳይደነቅላቸው ስለቀረ የከፋቸው መሰለኝ።

ከዚያ ቀን ወዲያ ታሪኩን ማንም አላነሣውም። እኔ ግን መጨረሻውን ሳልሰማ እንዴት እተኛለሁ? በየቀኑ ነዘነዝኳቸው። «የደረጃዋስ ሴት? መርማሪው አልመጣም?» በመጨረሻ እትዬ የስታርች ሳህኗን አስቀምጣ አየችኝ።

«መጣ» አለች።

«ሁሉንም ሰበሰበ?»

«ሰበሰበ።»

«የሚተኩሱትንም ጠየቃቸው?»

«አንድ በአንድ። ቁጭ ብሎ ጻፈላቸው።»

«ቁልፉንስ አየው?»

«ገና ሲገባ አየው። ሰውየው በዚያው ተያዘ።»

ዘልዬ ወጥቼ አጨበጨብኩ። ቀበጧ ፊቷን በአንሶላ ሸፈነች። ያኔ ሾፌሩ ጥቅል ተሸክሞ ገባ።

«ምንድነው እንዲህ የሚያስጨበጭብሽ?»

«ተያዘ!»

«ማ?»

«የመጽሐፉ ሰውዬ!»

ሳቀና ኪሱ ገብቶ ከረሜላ ሰጠኝ። እናቴ ጠረጴዛዋን ዞራ መጥታ ጥቅሉን ከእጁ ተቀበለችው። እኔ ከረሜላዬን ላጥኩ። የብርቱካን ጣዕም ነበረው። ብዙም ሳይቆይ እናቴ ከላውንደሪው ለቀቀች፤ ሰፈርም ቀየርን።

ቅዳሜ ዕለት ይህን ሁሉ ተርኬ ስጨርስ የልጄ ዓይን በራ። «እማ፣ ምርጥ ነው! ርዕሱ ምንድነው? ልፈልገው።»

«እማዬ» አልኩ ወደ መስኮቱ ዞሬ፤ «የዚያ መጽሐፍ ርዕስ ምን ነበር?»

እናቴ ከስፌቷ ቀና አላለችም። «መጽሐፍ አልነበረም» አለች።

ልክ በዚህች ቅጽበት ባዶው ጠረጴዛ፣ ጫማው፣ እጅጌዋ፣ ከረሜላው፣ ሁሉም ባንዴ ቦታ ቦታውን ያዘ።  ከዚያ ጮህኩባት። በእናቴ ላይ እንደዚያ ጮሄ አላውቅም።

«አፍ አልነበራችሁም? ፖሊስ ጣቢያው እኮ ላውንደሪው ፊት ለፊት ነበር! መንገድ መሻገር ነው!»

«ሳይጠየቅ የሚናገር ሰው ወሬኛ ነው የሚባለው» አለች። «ሲጠይቁት ነው ምስክር የሚሆነው። እኛ ደግሞ ምስክር ነበርን።»

«ሰውየውስ?»

«ጡረታ ወጣ። ሌላ አገባ፤ እሷ ብልጥ ነበረች፣ በጊዜ ጠፋችበት። አልጋው ላይ ሞተ። ሲቀበር ደግ ሰው ነበር ብለው አለቀሱለት።»

«እኔንስ? አጨብጭቤለት ከረሜላውን ስበላ ቆማችሁ አያችሁኝ!»

«አንቺማ ደስ ብሎሽ ነበር» አለች እናቴ። «በዚያ ክፍል ውስጥ ደስ ያለው ሰው አንቺ ብቻ ነበርሽ። ምን ብዬ ልንጠቅሽ?»

ንዴቱ ግን አልወጣልኝም። ንዴቴ በማን ላይ እንደሆነ እንኳ አላውቀውም። በሰውየው ላይ ነው? በዚያ ባለ የሚያብረቀርቅ ጫማ ፖሊስ ላይ? ገረዲቱን ይጠይቋታል ብለው ባሳመኗቸው መጽሐፎች ላይ? ዕድሜዬን ሙሉ ደረጃ ስወርድ ግድግዳ የምጨብጠው፣ የበር ድምፅ በሰማሁ ቁጥር ልቤ የሚሰነጠቀው፣ ከእናቴ ከራሷ የተቀበልኩት ነገር ኖሯል። ስሙን ብቻ ነበር ያልነገረችኝ።

 ልጄ አንገቷ ላይ የነበረውን ማዳመጫ አውልቃ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችው። ወንበሯን ጎትታ ከአያቷ ፊት ለፊት ተቀመጠች።

«እማማ» አለቻት፤ «ያን ቀን ምን አየሽ?»

እናቴ መርፌዋን ጨርቁ ላይ ሰካች። 

«ለመጠየቅ እንዲህ ትቆያላችሁ?» አለች። ድምጿ ቁጣ ብቻ ነበር።

ከዚያ ተነሥታ የመርፌ ቆርቆሮዋን አመጣች። ቡናማውን ቁልፍ ከነክሩ አውጥታ በእሷና በልጄ መሀል አስቀመጠችው። ቀሚሷን ወደ ታች ሳብ አደረገች፤ ፀጉሯን በመዳፏ አስተካከለች፤ አልተቀመጠችም፤ ቀጥ ብላ ቆመች።

«እኔ ከእሷ ቀጥሎ ያለው ጠረጴዛ ላይ ነበርኩ» ብላ ጀመረች። «ሰውየው በሩ ላይ ቆሞ በእጁ ጠራት። ካውያዋን አቁማ ሄደች፤ ሶኬቱን እንኳ አልነቀለችም…»

አንድ ቃል አልሳተችም። እኔም በልጅነቴ ያጠናሁት ነውና ከንፈሬ አብሯት ይንቀሳቀስ ነበር። ቁልፉ ጋ ልትደርስ ስትል ድንገት አቆመችና የልጄን ባዶ እጅ ተመለከተች።

«አትጽፊውም?» አለቻት።

ልጄ እስክሪብቶ ፍለጋ ብድግ አለች። እናቴ እስክትመለስ ድረስ እንደቆመች ጠበቀቻት።